ተቆርጬ ነበር

ሥራዬ መቆረጥ ነበር፤ በቀን ሁለት ጊዜ፣
ቅዳሜ ሦስት ጊዜ፣
ሣጥን ውስጥ ተኝቼ፣ ከነሙሉ ወዜ።
ኦረን መጋዙን ስሎ፣ ሰው ትንፋሹን ሲውጥ፣
እኔ የማስበው የቤት ኪራይ ነበር፣ ወይ የጫማዬን መላጥ።

አትላንቲክ ሲቲ ጥር ላይ እንግዳ የላት፣
ነፋስ ነው ያላት፣
በጣውላው ጎዳና አሸዋ የሚያበላት።
ሆቴሉ ግን ሙቅ ነው፤ ምንጣፉ እግር ይውጣል፤
ባለቤቱ ዌልቦርን፣ ሲጋሩን እንደጨበጠ፣ ከፊት ይቀመጣል።

ማዕበሉ ያፈረሰውን ልጠግን ነው ብሎ፣
የሰፈሩን ካሣ በስሙ ጠቅልሎ፣
ለአንዱ ሹም ጀልባ፣ ለአንዱ ፈረስ አድሎ፣
ሲከሰስ ደግሞ ማለ፣ ቀኝ እጁን አንሥቶ፤
ምን ይከብደዋል እጅ ማንሣት፣ እጅ መንሻ ሰጥቶ!
የሉዌላ ታልማጅ ግድግዳ እስከ ጣራው ሻግቶ፣
ልጇ ሲያስል ያድራል፣ ትንፋሹ ተዘግቶ።

ምሥጢሩን ልንገራችሁ፤ መሐላችን ቢኖርም፣
ዕድሜዬ ሰባ አልፏል፣ ካሁን ወዲያ አላፍርም።
በሣጥኑ ውስጥ ሁለት ነን፤ ራስየዋ እኔ ነኝ፣
እግርየዋ ኮንሱዌሎ ናት፣ ከወገብ የምትቀጥልልኝ።
ስምንት ዓመት አንድ ሴት ሆነን ኖረናል፤
እሷ ስታነጥስ እኔን «ይማርሽ» ይሉኛል።

ያን ማታ ኦረን መጋዙን አኑሮ፣ ዝቅ ብሎ እጅ ነሣ፤
«ጌታዬ፣ ማንም የማያውቀው ቁጥር አለዎት?
በሐሳብዎ ይያዙት፤
እኔ አላነበውም፣ ብቻ በልብዎ ይቁጠሩት።»
ዌልቦርን ሳቀ። ልቡ ዝም አለ፤ ከንፈሩ ተናገረ፤
አንገቴ ከሣጥኑ ጫፍ ተዘቅዝቆ ነበረ።
አሥራ ዘጠኝ፣ አራት፣ ሠላሳ፣ ሰባት፤
ቁልቁል ያነበብኩትን ለእግሬ ነገርኳት።

እግሬም ተነሥታ ሄደች። በእሷ ፋንታ ገባ
የላስቲክ እግር፣ ጥፍሩን ቀለም የተቀባ፤
ፊኒያስ ከአሮጌ መኪና ዝናብ መጥረጊያ የሠራው፣
አውራ ጣቱን ብቻ ሞተር የሚያወዛውዘው።

ሦስት ደቂቃ ነው መቆረጥ፣ በደንቡ፤
ያን ማታ ዐሥራ አንድ ሆነ። የኦረን ላቡ
መጋዙ ላይ ወረደ።
ከዚያ የግራ እግሬ ቀጥ አለ፤ ሞተሩ ነደደ።
«እግሯ ሞተ!» አለች አንዲት ሕፃን። አዳራሹ በሳቅ ፈረሰ፤
እኔም ሳቅሁ፤ ጥርስ ባዳ ነው፤ ሆዴ ግን ታመሰ።

ከታች ኳ፣ ኳ፣ ኳ።
እግሬ መጣች፣ አቧራ ታቅፋ፣
ያመጣችውን ሁሉ በፊኒያስ ጋሪ፣ ከቆሸሸ አንሶላ ሥር አራግፋ።

ኦረን ገጠመኝ፤ ቆምኩ።
ዌልቦርን ከሁሉ ቀድሞ ተነሥቶ አጨበጨበ፤
ያ እጅ ከሰው ኪስ ወጥቶ ሳየው ያን ቀን ብቻ ነበር፤
ደስታው እውነት ነው፤ ፊቱ እንደ ሕፃን አበበ።
ይህን ማየት አልፈለግሁም ነበር።

መርማሪው «የት ነበርሽ?» አለኝ በማግሥቱ።
«ተቆርጬ» አልኩት፤ «ስምንት መቶ ሰው አይቷል፤ አንዱም እሱ፣ ባለቤቱ።»

ሳንቲም ከጆሮ ሥር ማውጣት የልጅ ጨዋታ ነው፤
ከባዱ ወደ ተወሰደበት ኪስ መመለሱ ነው።
በሌሊት፣ በበረዶ፣ በየበሩ ቀዳዳ ፖስታ አስገባን።
ሉዌላ ገልብጣ አየችው፤ ፈራችው፤
ሦስት ቀን ከዳቦ ሣጥኗ ውስጥ ሳትነካ አስቀመጠችው፤
በአራተኛው አናጢ ጠራች።

ስንቆጥረው ግን አንድ ጥቅል ጎድሎ ነበር።
ኦረን መሬት አየ፤ ፊኒያስ ጣራ።
በማግሥቱ ሣጥኑ ውስጥ እንደ ወትሯችን ተኛን፤
ጀርባዋ ጀርባዬን ነክቶ ይሞቃል።
ራሴ ጠረጠረች፤
እግሬ ዝም አለች።